የመኪና ነዳጅ ልክና አቀዳዱ

ሰው የሚገለገልበት ዕቃ ሁሉ ልክ አለው። ልኩን የሚያውቅ ሰው በዕቃው ይጠቀማል፤ የማያውቅ ግን ዕቃውንም ባልንጀራውንም ይጐዳል። የወሎ ገበሬ ቁናውን ያውቃል፣ ሚስቱም ጋኗን ታውቃለች። እህል ሲሰፈር ቁናው ይነቀነቃል፤ ከአፉም በላይ ይከመራል፤ ሙሉ ሰፈረ የሚባለው ያን ጊዜ ነው። ጠላ ሲጠነሰስ ግን ጋኑ እስከ አፉ አይሞላም፤ ጥንስሱ ሲፈላና አረፋው ሲነሣ የሚያርፍበት ስፍራ ይፈልጋልና። ልምድ የሌላት ሙሽራ ጋኑን እስከ አፉ ሞልታ ብታድር በማለዳ የምታገኘው ጠላውን በመሬት ላይ ነው። እንግዲህ ሙሉ የሚለው ቃል ለቁናና ለጋን አንድ ትርጓሜ እንደሌለው ልብ ይሏል። በዘመናችን የመጣው የመኪና ነዳጅ ማጠራቀሚያም የጋን እንጂ የቁና ወገን አይደለም። ይህን ባለማወቅ በከተማችን በመርሳ ብዙ ክርክር ሲነሣ ስላየሁ ጥቂት ለመጻፍ ወደድሁ።

አስቀድሞ ስለ ቃሉ እንናገር። ወደደ ብሎ ወዳጅ እንዲል፣ ነደደ ብሎ ነዳጅ ይላል፤ የሚነድ ማለት ነው። ከፈለ ብሎ መክፈያ እንዲል፣ አደለ ብሎ ማደያ ይላል፤ ለሰው ሁሉ ድርሻው የሚታደልበት ስፍራ ማለት ነው። በመኪናው ሆድ ውስጥ ያለውን ዕቃ ሾፌሮችና መካኒኮች ሰልባትዮ ይሉታል፤ ይህም ሰርባቶዮ ከሚለው የኢጣልያ ቃል የመጣ ሲሆን ትርጓሜው ማጠራቀሚያ ነው። እኔ ግን በዚህ ጽሑፍ የነዳጅ ጋን እለዋለሁ። አንባቢ ሆይ፣ እነዚህን ስሞች አስተውል። ነዳጅ የሚለው ስም እሳትን ያሳስበናል፣ ማደያ የሚለው ስም ባልንጀራችንን ያሳስበናል፣ ጋን የሚለውም ልክን ያሳስበናል። የምናገረው ነገር ሁሉ በእነዚህ በሦስቱ ውስጥ ነው።

መኪና ወደ አገራችን የገባው በዳግማዊ ምኒልክ ዘመነ መንግሥት፣ በ1900 ዓ.ም. ነው። ከአዲስ አበባ በደሴና በወልድያ አልፎ ወደ ሰሜን የሚወጣው ጐዳና በኢጣልያ ወረራ ዘመን ለመኪና እንዲመች ሁኖ ተስፋፍቶ ተሠራ። መርሳ የሀብሩ ወረዳ ዋና ከተማ ሁና በዚህ ጐዳና ላይ ትገኛለች። ወደ ወልድያ 30 ኪሎ ሜትር፣ ወደ ደሴ 90 ኪሎ ሜትር፣ ወደ አዲስ አበባም 490 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ቀበሌው ቆላማ ስለ ሆነ ማንጎና ብርቱካን ፓፓያም ይበቅልበታል፤ ፀሐዩም ብርቱ ነው። ስለ ፀሐዩ የተናገርሁት ኋላ ለነገራችን ስለሚያስፈልግ ነው።

ትናንሽ መኪኖች ሁሉ የሚይዙት ነዳጅ ብዙ የተራራቀ አይደለም። አባቶቻችን የሚያውቁት ቮልስ 40 ሊትር ይይዝ ነበር። በአዲስ አበባ ለብዙ ዘመን ታክሲ ሁኖ የኖረው ላዳ 39 ሊትር ይይዛል። ዛሬ በየከተማው የምናየው ቪትዝ የተባለው የቶዮታ መኪና የፊተኛው ዐይነት 45 ሊትር፣ ከእርሱ በኋላ የመጡት ሁለቱ ዐይነቶች 42 ሊትር ይይዛሉ። ዐዲሱ ሱዙኪ ዲዛየር 37 ሊትር ነው። የቀድሞው ቮልስ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር እስከ 1961 ዓ.ም. ድረስ ነዳጅ ጠቋሚ እንኳ አልነበረውም። ሞተሩ ሲያስል ሾፌሩ በእግሩ ሥር ያለችውን መዝጊያ ሲያዞር 5 ሊትር ያህል የተጠበቀ ነዳጅ ይለቀቅለት ነበር፤ በዚያም እስከሚቀጥለው ማደያ ይደርሳል። ሰውም በዚያ ዘመን የጋኑን ልክ በልቡ ይዞ ይሄድ ነበር።

ቪትዝ በደኅና መንገድ በ1 ሊትር ቤንዚን 15 ኪሎ ሜትር ያህል ይሄዳል ብንል፣ ከመርሳ እስከ ደሴ 6 ሊትር፣ እስከ አዲስ አበባም 33 ሊትር ያህል ይበቃዋል። የጣርማ በርን ዐቀበት አስበን ጥቂት ብንጨምርበት እንኳ 42 ሊትር የያዘ መኪና መንገድ ላይ ሳይቀዳ አዲስ አበባ ይገባል። እንግዲህ በጋኑ አፍ ላይ በግድ የሚጨመረው አንድና ሁለት ሊትር ለምን አስፈለገ?

መልሱ ሥጋት ነው፤ ሥጋቱም ያለ ምክንያት አልመጣም። በ2013 ዓ.ም. መጨረሻ ጦርነቱ ወደ ሰሜን ወሎ በመጣ ጊዜ ነዳጅ ጠፋ። ከዚያም ወዲህ በየጊዜው መንገድ ሲዘጋና ማደያ ሲደርቅ፣ ቤንዚን በውኃ መያዣ ላስቲክ ተሞልቶ በየጥጋጥጉ ሲሸጥ አይተናል። ደግሞም አገራችን ነዳጅዋን ሁሉ በጅቡቲ በኩል ከባሕር ማዶ የምታመጣ ስለ ሆነ፣ የዓለም ገበያ ሲያስል እኛ ጉንፋን ይይዘናል። በ2017 ዓ.ም. የአንድ ሊትር ቤንዚን ዋጋ ከ100 ብር አለፈ። ስለዚህ ሰው ከረጅም ሰልፍ በኋላ ወረፋው ሲደርሰው፣ ነገ አላገኝም ይሆናል ብሎ ጋኑን እስከ አንገቱ ይሞላል። ይህን ሰው መውቀስ አይቻልም፤ ማስተማር ግን ይገባል።

ባለፈው በጋ ከእኅቴ ልጅ ጋራ ወደ ደሴ ለመሄድ በከተማችን ካሉት ማደያዎች በአንዱ ተሰልፈን ነበር። መኪናው ቪትዝ ነው። ጠቋሚው ከታች ካለው መስመር ዐልፎ ቀይ መብራቱ ከትናንት ጀምሮ በርቷል፤ ጋኑ ሊደርቅ ጥቂት ነው የቀረው። ወረፋችን ከሁለት ሰዓት በኋላ ደረሰ። ነዳጅ የምትቀዳው ልጅ ከ20 ዓመት ብዙ ያላለፈች፣ ሻሿን በደንብ ያሰረች ትሑት ልጅ ናት። የእኅቴ ልጅ «ፉል አድርጊው» አላት። እርሷም ቀዳች፤ መቅጃው ቀጭ ብሎ በራሱ ቆመ። እርሱ ግን «ጨምሪበት» አላት። ወርዶም መኪናውን በትከሻው ይነቀንቅ ጀመር፤ አየሩ ወጥቶ ነዳጁ ይገባል ብሎ ነው። ሁለተኛ ቆመ፤ «ትንሽ ጨምሪ» አለ። ሦስተኛም ቆመ፤ በአንገቱ ላይ ነዳጁ በዐይን እስኪታይ ድረስ አስጨመረ። ቈጣሪውም 44 ሊትር ተኩል አለ።

ያን ጊዜ ፊቱ ተለወጠ። «እኅቴ፣ የዚህ መኪና መጽሐፍ 42 ሊትር ይይዛል ይላል፤ ደግሞም ባዶውን አልነበረም። አንቺ 44 ሊትር ተኩል ስታስከፍይኝ ሁለቱ ሊትር ተኩል የት ገባ?» አላት። ልጅቱ ደነገጠች። «ወንድሜ፣ እኔ የማስከፍልህ ቈጣሪው ያለውን ነው። ጨምሪ ያልኸኝም አንተ ነህ» አለች፤ ወደ እኔም ዘወር ብላ «አባባ፣ እርስዎ እያዩ አይደለም እንዴ የቀዳሁት?» አለችኝ። እርሱ ግን «ኀላፊሽን ጥሪልኝ፤ ሌባ ናት ብዬ አስፈርማለሁ» አለ። በሰልፉ ያሉት ሰዎችም በየቀኑ የሚበሳጩበት ነገር ስላላቸው ከእርሱ ጋራ ይጮኹ ጀመር። እነሆ አንዲት ደኻ ልጅ በመኪና መጽሐፍ ላይ በተጻፈ አንድ ቊጥር ሌባ ልትባል ጥቂት ቀራት።

ከኋላችን አንድ ሽማግሌ መካኒክ ተሰልፈው ነበር፤ በከተማችን የታወቁ ባለጋራዥ ናቸው። ቀረብ ብለው ልጅቱን «አብሽሪ ልጄ» አሏት። ለእኅቴ ልጅም እንዲህ አሉት፦ «አንተ ልጅ፣ መጽሐፉ አልዋሸም፤ ልጅቱም አልሰረቀች። መጽሐፉ 42 የሚለው መቅጃው ራሱ እስከሚቆምበት ድረስ ያለውን ነው። ከዚያ በላይ ለአየር የተተወ ባዶ ስፍራ አለ፤ አንገቱም ራሱን የቻለ ቧንቧ ነው። አንተ ያን ሁሉ ሞልተህ ልጅቱን ትከሳለህን? እንዳትጠራጠር ግን እንፈትነው።» ከዚያ በማደያው ያለውን የተፈተነ የ20 ሊትር መስፈሪያ አስመጡ። ልጅቱም በዚያው መቅጃ 20 ሊትር ቀዳች። ነዳጁ በመስፈሪያው አንገት ላይ ካለው ምልክት ትክክል ደረሰ። የጮኹት ሰዎች ዝም አሉ።

የእኅቴ ልጅ አንገቱን ደፍቶ «እኅቴ፣ ይቅርታ አድርጊልኝ» አላት። እርሷም «ምንም አይደለም ወንድሜ፤ ነገር ግን የቀን ሒሳብ ቢጐድል ከደመወዜ ይቈረጣል፣ ስሜ ቢጠፋ ደግሞ እንጀራዬ ይቀራል» አለችው። ይህን ስትናገር ቀጣዩን መኪና ለመቅዳት መቅጃውን አንሥታ ነበር። ከደሴ መልስ ወደ ሽማግሌው ጋራዥ ሄጄ ነገሩን ሁሉ በዝርዝር ጠየቅሁአቸው። ከዚህ በታች የምጽፈው አብዛኛው ከእርሳቸው የተማርሁት ነው።

የመጀመሪያው ነገር የባዶው ስፍራ ምክንያት ነው። ቤንዚን ሙቀት ሲያገኝ ያብጣል፤ በ1 ዲግሪ ከሺሕ አንድ እጅ ያህል ይጨምራል። ነዳጁ በማደያው ምድር ውስጥ በተቀበረ ማጠራቀሚያ ስለሚኖር ሲቀዳ ቀዝቃዛ ነው። ይህ 42 ሊትር በመርሳ ፀሐይ ላይ ቆሞ ሙቀቱ በ20 ዲግሪ ቢጨምር ከ8 ዐሥረኛ ሊትር የማያንስ ይጨምራል። ስፍራ ካገኘ በጋኑ ውስጥ ያርፋል፤ ካላገኘ በአንገቱ ይወጣል። በዚያን ቀን ቁርስ ለመብላት መኪናውን ፀሐይ ላይ አቁመን ስንመለስ ከሥሩ ቤንዚን ሲንጠባጠብና ሲሸት አገኘነው፤ ከ100 ብር በላይ የተገዛው ትርፍ ሊትር መሬት ጠጣው። የጠላው ጋን ነገር ይኸው ነው።

አንዳንድ ሰዎች ደግሞ ነዳጅ በማለዳ ቀዝቃዛ ሳለ ቢገዛ ይበዛል ይላሉ። ይህ በሩቅ ሲሰማ እውነት ይመስላል፤ ነገር ግን ማጠራቀሚያው በምድር ውስጥ የተቀበረ ስለ ሆነ የጧትና የቀትር ልዩነት እጅግ ጥቂት ነው። ስለዚህ እንቅልፍን ትቶ መሰለፍ ወረፋ ያስገኝ እንደ ሆነ እንጂ ሊትር አይጨምርም።

ሁለተኛው ነገር የነዳጁ ተን ነው። ዐዲሶቹ መኪኖች ከጋኑ የሚወጣውን ተን ወደ ውጭ አይለቁትም። በጥሩ የተዘጋጀ ከሰል በተሞላች አነስተኛ ዕቃ ይይዙትና ኋላ ወደ ሞተሩ ልከው ያቃጥሉታል። ከሰሉ ተን ይስብ ዘንድ የተዘጋጀ ነው እንጂ ፈሳሽ ይጠጣ ዘንድ አይደለም። ጋኑ እስከ አንገቱ ሲሞላ ፈሳሹ ወደ ከሰሉ ይገባል፤ ከሰሉም ይበላሻል። ከዚያ ወዲያ መኪናው ከተቀዳ በኋላ አልነሣም ይላል፣ ያስላል፣ ይሸታል። ባለቤቱም ነዳጁ ተቀላቅሏል ብሎ እንደ ገና ማደያውን ይከሳል። የዚህን ከሰል ዋጋ የጠየቀ ሰው ሁለት ሊትር ለማትረፍ ሲል ምን እንደ ከሰረ ያውቃል።

ሦስተኛው ነገር ጋኑን እስኪደርቅ መንዳት ነው፤ ይህም እንደ መትረፉ ያው በደል ነው። በዛሬዎቹ መኪኖች ነዳጁን ወደ ሞተር የሚገፋው ፓምፕ በኤሌክትሪክ የሚሠራና በጋኑ ውስጥ የሚኖር ነው። በዙሪያው ያለው ነዳጅ ያቀዘቅዘዋል። ነዳጁ ሲያልቅ ፓምፑ አየር እየሳበ ይግላል፣ ዕድሜውም ያጥራል። መብራቱ የሚበራው ብዙ ጊዜ ከ5 እስከ 7 ሊትር ሲቀር ነው። ይህ የተተወልን ለሸመታ ሳይሆን ለችግር ቀን ነው። አራተኛው እጅ ሲቀር መቅዳት የጠባይ ሁሉ መልካም ነው፤ በተለይም የሚቀጥለው ማደያ ነዳጅ ይኑረው አይኑረው በማይታወቅበት በእኛ መንገድ።

አራተኛው ነገር እሳት ነው። የቤንዚን ተን ከአየር ይከብዳል፤ እንደ ውኃ በመሬት ላይ እየተሳበ ይሄዳል፣ እሳት ያለበትንም ይፈልጋል። ከዜሮ በታች በ40 ዲግሪ ብርድ ውስጥ እንኳ ብልጭታ ካገኘ የሚይዝ ነው፤ በቆላ አገር ሙቀትማ እንዴት ይሆን! ስለዚህ ሲቀዳ ሞተር ይጠፋል፣ ሲጋራ አይጨስም። በጀሪካን የሚቀዳም ጀሪካኑን ምድር ላይ ያኑር እንጂ በመኪና ላይ እንዳለ አይቅዳ፤ ከመፋተግ የሚመጣው ኤሌክትሪክ ብልጭታ እንዳይሆንበት። ቤንዚን በቤት ውስጥ፣ ምድጃና ሕፃናት ባሉበት ማስቀመጥ እሳትን ከአልጋ ሥር ማስተኛት ነው። ደግሞም ቤንዚን ለሚሠራ መኪና ናፍጣ በስሕተት ቢቀዳበት ሞተሩን ፈጽሞ አታስነሣ፤ ሳይነሣ ቢቀዳ በጥቂት ወጪ ይታረማል፣ ከተነሣ ግን ወጪው ይበዛል። በየጥጋጥጉ የሚሸጠው ቤንዚን ነጭ ጋዝ የተቀላቀለበት ሁኖ ሞተር ያበላሸባቸው ሰዎችም ብዙ ናቸው።

አሁን ወደ ፍርዱ ነገር እንመለስ። ማደያ ሁሉ ጻድቅ ነው አላልሁም፤ መስፈሪያውን የሚያጐድል ነጋዴ በቁና ዘመንም ነበረ። ነገር ግን ለመጠርጠር ሥርዐት አለው። ከመቅዳቱ በፊት ቈጣሪው ዜሮ ላይ መሆኑን ተመልከት። የሊትሩን ዋጋ በሊትሩ ብዛት አባዛና ከተባለው ብር ጋራ አስተያይ። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ የነዳጅ ክፍያ በቴሌብርና ይህን በመሰለ የስልክ መንገድ እንዲሆን ስለ ተደረገ፣ የከፈልኸው ገንዘብ በስልክህ ተጽፎ ይቀራል፤ ያን ጠብቅ። መቅጃው ቀጭ ባለ ጊዜ አቁም፤ እንዲህ ካደረግህ ሁልጊዜ በአንድ ልክ ስለምትቀዳ በስንት ሊትር ስንት ኪሎ ሜትር እንደ ሄድህ ታውቃለህ። አንዱ ማደያ ከሌላው ይልቅ ዘወትር ቢያጐድልብህ ያን ጊዜ መስፈሪያ አስመጣ፤ የልክ ተቈጣጣሪዎችንም ጥራ። የመኪናው መጽሐፍ ቊጥር ግን ምስክር ሊሆን አይችልም፤ የተጻፈው ሾፌር መንገዱን ያሰላበት ዘንድ ነው እንጂ በቀጂ ላይ እንዲፈረድበት አይደለምና። ጋኑን ከልኩ በላይ የሞላ ሰው፣ ከልኩ በላይ ቀዳችልኝ ብሎ ሊከስ አይገባውም።

የመጨረሻው ነገር ማደያ የሚለው ስም ያሳሰበን ነው። በከተማችን ሰው የሚያመላልሰው ባጃጅ የሚይዘው 8 ሊትር ያህል ነው፤ በዚያም ቀኑን ሙሉ ሠርቶ የልጆቹን ራት ይዞ ይገባል። እኛ በሥጋት ብዛት በጋናችን አንገት ላይ የምንጠቀጥቀው ሁለት ሊትር ተኩል የዚህ ሰው የቀኑ ሥራ አንድ ሦስተኛ ያህል ነው። ሰልፉ ረዝሞ ማደያው ሲደርቅ፣ ከኋላችን የቆመው ያለ ድርሻ ይመለሳል፤ የእኛም ትርፍ በፀሐይ ይንጠባጠባል። ነዳጅ በሞላበት ዘመን ይህ ጥቂት ነገር ነበር። ዛሬ ግን ጥቂት አይደለም።

ስለዚህ፣ መኪና ያለህ ወዳጄ ሆይ፣ ወደ ማደያ በሄድህ ጊዜ ይህን አድርግ። አራተኛው እጅ ሳያልቅ ሂድ። ሞተሩን አጥፋ፤ ዜሮውን ተመልከት፤ መቅጃው አንድ ጊዜ ቀጭ ሲል «ይበቃል» በል። ክዳኑን እስኪጮህ ድረስ አጥብቀህ ግጠም። ለቀዳችልህም ልጅ ምስጋና ሰጥተህ ሳትዘገይ ለሚቀጥለው ስፍራ ልቀቅ።